ፋብሪካ ሲመጣ ኑሮ እንዴት ይለወጣል? ስለ ድሬዳዋ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

በድሬዳዋና በሐረር ሰዎች ስለ ባቡር፣ ስለ ፋብሪካና ስለ ኑሮ ለውጥ ደጋግመው የሚያነሧቸው ጥያቄዎች ከነመልሳቸው፤ «እ.ኤ.አ.» ካልተባለ በቀር ዓመቶቹ በእኛው አቆጣጠር ናቸው።

ድሬዳዋ የኢንዱስትሪ ከተማ የምትባለው ለምንድን ነው?

ብዙዎቹ የሀገራችን ጥንታዊ ከተሞች በቤተ መንግሥት፣ በደብር ወይም በመስጊድ ዙሪያ የተቆረቆሩ ናቸው። ድሬዳዋን የቆረቆራት ግን ሐዲድ ነው። ከጅቡቲ የተነሣው የባቡር መስመር በ1895 ዓ.ም. እዚህ ሜዳ ላይ ሲደርስ ጣቢያው፣ የጥገና ወርክሾፑና የሠራተኞቹ መኖሪያ አብረው ተተከሉ። በጣሊያን ወረራ ዘመን የሀገሪቱ የመጀመሪያ የሲሚንቶ ፋብሪካ እዚሁ ቆመ፤ በዙሪያው ያለው የኖራ ድንጋይ ለዚያ ምቹ ነበርና። ጨርቃ ጨርቁም ከተማዋን በፋብሪካ ካስጠሯት አንዱ ሆነ።

የከተማዋ መልክ ራሱ ይህን አነሣሥ ይናገራል። ከዚራ በቀጥ ያሉ ጎዳናዎቹና በጥላ ዛፎቹ የባቡር ኩባንያው ሰፈር ነበር። የደቻቱን ወንዝ ሲሻገሩ ደግሞ የነጋዴውና የጉልበት ሠራተኛው ሰፈር መጋላ ይገኛል። ማን የት እንደሚኖር በመጀመሪያው ቀን የወሰነው የሥራ ደረጃ ነው።

ትልቁ ለውጥ ግን በዓይን የማይታየው ነው። በዙሪያው ያለው ገበሬ በመኸር፣ አርብቶ አደሩ ደግሞ ከብት ሲሸጥ ገንዘብ ያይ በነበረበት ጊዜ የድሬ ሰው በየወሩ ደመወዝ መቁጠር ጀመረ። የቤት ኪራዩ፣ የሱቅ ዱቤው፣ ዕቁቡ፣ የልጅ ትምህርት ቤት ክፍያው ሁሉ በዚያች ቀን ላይ ተንጠለጠለ። ደመወዙ የዘገየ እንደሆነ የሚጎዳው ሠራተኛው ብቻ አይደለም፤ ባለሱቁም፣ አከራዩም፣ ጉልት የምትቸረችረው እናትም አብረው ይጎዳሉ።

ባቡሩ ለምን ሐረር አልገባም? ሐረርስ ምን አጣች?

ዳግማዊ ምኒልክ በ1886 ዓ.ም. ለስዊዘርላንዳዊው አልፍሬድ ኢልግና ለፈረንሳዊው ሊዮን ሼፍኔ ፈቃድ ሲሰጡ የመስመሩ የመጀመሪያ ክፍል ከጅቡቲ ሐረር እንዲደርስ ታስቦ ነበር። ሐረር ከባሕር ጠለል በላይ 1,900 ሜትር ገደማ ላይ ተቀምጣለች፤ ሐዲዱ የደረሰበት ሜዳ ግን 1,200 ሜትር ያህል ነው። በመካከል ያለውን ተራራ መውጣት ለኩባንያው ከአቅም በላይ ወጪ ስለሆነ መስመሩ ከተራራው ግርጌ ቀረ፤ አዲሱ ሰፈርም «አዲስ ሐረር» ተባለ። ከዚያ ኩባንያው በገንዘብ ችግር ተያዘና ሐዲዱ ለዓመታት ወደ ፊት አልተራመደም። አዲስ አበባ የደረሰው በ1909 ዓ.ም. ነው። ድሬዳዋ በእነዚያ ዓመታት የመጨረሻ ጣቢያ መሆኗ ጠቀማት፤ ቡናውም፣ ቆዳውም፣ ከውጭ የሚገባው ጨርቅም የሚራገፈውና የሚጫነው እዚህ ነበርና።

ሐረርን ለዘመናት ከዘይላ ወደብ ጋር ያገናኛት የግመል ንግድ በዚህ ተዳከመ። ግሪኩ፣ አርመኑ፣ ሕንዱና የመኑ ነጋዴ ሱቁን ወደ ሜዳው አወረደ። ሐረር ያጣችው የበር ጠባቂነቷን ነው ማለት ይቻላል። በእኔ አስተያየት ግን ትርፍም አግኝታለች፤ የኩባንያ ከተማ ስላልሆነች በግንብ የታጠረው አሮጌው ከተማ ጀጎል ከነቤቶቹና ከነመስጊዶቹ ቆየ፣ በ1998 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ተመዘገበ። አፎሻ የሚባለው የመረዳጃ ማኅበርም ዛሬ ድረስ የሐረሪዎች የሐዘንና የደስታ መሰብሰቢያ ነው። ልማት ዘግይቶ የሚደርስበት ቦታ ሁሉ ተጎጂ ነው የሚለው አስተሳሰብ በሐረር ላይ አይሠራም።

አሮጌው ባቡር ሲቆም በከተማዋ ላይ ምን ደረሰ?

በ2000 ዓ.ም. አካባቢ ከአዲስ አበባ ወደ ድሬዳዋ የሚመጣው ባቡር ሲቆም ሰው ሁሉ የቆጠረው ከሥራ የተቀነሱትን የምድር ባቡር ሠራተኞች ነበር። ያልተቆጠሩት ይበዙ ነበር። በመኢሶ፣ በአፍደም፣ በኤረር ጣቢያዎች ባቡሩ ሲቆም በመስኮት ውኃ፣ ሻይ፣ ፍራፍሬ፣ እንቁላል የሚሸጡ ሴቶች ነበሩ። ከጅቡቲ በኩል ልብስና ሸቀጥ በጥቂት በጥቂቱ እያመጡ ልጆቻቸውን ያስተማሩም ነበሩ። ተሸካሚው፣ ባለጋሪው፣ በባቡር ጣቢያው በለገሃር ዙሪያ ምግብ ቤት የከፈተው ሁሉ ከዚያ መስመር ይበላ ነበር። ከእነዚህ አንዳቸውም በኩባንያው መዝገብ ላይ ስም ስላልነበራቸው ካሣም የሥራ ስንብት ክፍያም የሚጠይቁበት በር አልነበራቸውም።

የሙያው ነገርም አለ። የድሬዳዋ ወርክሾፕ የብረት መቅረጫ ማሽን (ቶርኖ) የሚያንቀሳቅሱ፣ ብረት የሚያቀልጡ፣ ሎኮሞቲቭ ፈትተው የሚገጥሙ ሰዎችን ለትውልዶች አፍርቷል። አባት ልጁን እያስገባ፣ ፈረንሳይኛውም ከሙያው ጋር አብሮ እየተወረሰ ኖሯል። ባቡሩ ሲቆም ሽማግሌዎቹ ጡረታቸውን ይዘው ተቀመጡ፤ ለወጣቱ የሚተላለፍ ነገር ግን ተቋረጠ። ፋብሪካ ተዘግቶ ሌላ ሊከፈት ይችላል፤ ከእጅ ወደ እጅ የሚተላለፍ ሙያ አንድ ትውልድ ከዘለለ ግን መልሶ ማምጣት እጅግ ከባድ ነው። ወርክሾፑን እንደ ሙዚየም ከመጎብኘት ይልቅ እንደ ሙያ ትምህርት ቤት ማየት ነበረብን ብዬ አጥብቄ አምናለሁ።

አዲሱ ባቡር የአሮጌውን ቦታ ተክቶ የለም እንዴ?

ለጭነት ተክቷል፤ ለሰፈሩ ኑሮ አልተካም። መስከረም 25 ቀን 2009 ዓ.ም. የተመረቀው በኤሌክትሪክ የሚሠራው መስመር ከአሮጌው እጅግ ፈጣን ነው፤ ለሀገር ገቢና ወጪ ንግድም ትልቅ ነገር ነው። ጣቢያው ግን ከከተማው ወጣ ብሎ ነው የተሠራው። አሮጌው ለገሃር በከዚራ እምብርት ላይ ስለነበር ተሳፋሪው ከባቡር ወርዶ በእግሩ ገበያ ይገባ ነበር። አሁን በባጃጅ ወይም በመኪና ያልፋል። ፍጥነቱ የጨመረለት ጭነት ነው፤ በየጣቢያው ይወርድ የነበረው ትንሽ ገንዘብ ግን ቀንሷል።

የኢንዱስትሪ ፓርክና ነፃ የንግድ ቀጠና አንድ ናቸው?

አይደሉም። የኢንዱስትሪ ፓርክ መንገድ፣ መብራትና ሼድ ተዘጋጅቶለት ምርት የሚመረትበት ቦታ ነው። ነፃ የንግድ ቀጠና ደግሞ ዕቃ ቀረጥ ሳይከፈልበት ገብቶ የሚከማችበት፣ የሚታሸግበት፣ የሚገጣጠምበትና ወደ ሌላ የሚላክበት ነው፤ ቀረጡ የሚታሰበው ዕቃው ወደ ሀገር ውስጥ ገበያ ሲወጣ ነው። የድሬዳዋው ነፃ የንግድ ቀጠና በሀገሪቱ የመጀመሪያው ሲሆን ነሐሴ 8 ቀን 2014 ዓ.ም. ተመርቋል።

ለሥራ ፈላጊው ልዩነቱ ቀላል አይደለም። ፓርክ በብዛት የሚፈልገው በማሽን ላይ የሚቀመጡ ወጣቶችን ነው። ቀጠና የሚፈልገው ሾፌር፣ ፎርክሊፍት ነጂ፣ መጋዘን ጠባቂ፣ የጉምሩክ አስተላላፊና የሒሳብ ሰው ነው። ልጅዎን ለሥልጠና የሚልኩ ከሆነ የትኛውን እያሰቡ እንደሆነ ቀድመው ይለዩ።

በፋብሪካ መቀጠር ኑሮን በእርግጥ ያሻሽላል?

አንዳንድ ጊዜ። ጥያቄው መልስ የሚያገኘው ደመወዙ ከኪራይ፣ ከምግብና ከትራንስፖርት በኋላ ምን ያህል እንደሚተርፍ ሲታወቅ ነው። በሀገራችን ለግል ድርጅት ሠራተኛ በሕግ የተቆረጠ ዝቅተኛ የደመወዝ ወለል በሥራ ላይ የለም። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የደመወዝ ቦርድ እንደሚቋቋም ይደነግጋል፤ ወለሉ ራሱ ግን በአዋጁ ውስጥ አልተጻፈም። ስለዚህ ደመወዝ የሚወሰነው በበር ላይ በተሰለፈው ሰው ብዛት ነው ማለት ይቻላል። ሰልፉ ረጅም በሆነበት ከተማ ሠራተኛው ብቻውን ተደራድሮ ብዙ አያገኝም።

ክሪስቶፈር ብላትማንና ስቴፋን ደርኮን የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2018 ያሳተሙት ጥናት እዚህ ላይ ብዙ ያስተምራል። በኢትዮጵያ በአምስት ድርጅቶች ለሥራ ካመለከቱ 1,000 ገደማ ሰዎች መካከል አንዳንዶቹን በዕጣ ቅጥር አገኙላቸው፣ ሌሎቹን ወደ 300 ዶላር የሚጠጋ ገንዘብ ከሥልጠና ጋር ሰጧቸው፣ የቀሩትን እንዳሉ ተዉአቸው። ቅጥር ካገኙት ሲሶው በመጀመሪያው ወር፣ ከሦስት አራተኛው በላይ ደግሞ ዓመት ሳይሞላ ለቀቀ። የተቀጠሩት ሰዎች ገቢ ካልተቀጠሩት አልበለጠም፤ የጤና እክል ግን በዛባቸው። ገንዘብ ያገኙት በራሳቸው ሥራ ገቢያቸውን በሲሶ ያህል ከፍ አደረጉ። ከአምስት ዓመት በኋላ ሲታዩ ግን በቡድኖቹ መካከል የነበረው ልዩነት ጠፍቶ ነበር።

ይህን አንብቦ ፋብሪካ አያስፈልግም ማለት ስሕተት ነው። ለብዙ ወጣት ፋብሪካ የመጨረሻ ግብ ሳይሆን ሌላ ነገር እስኪገኝ ማረፊያ ነው፤ ወደ ሥራው የሚገባውም የሚወጣውም በዚያ ስሌት ነው። «ወጣቱ ሥራ አይወድም» የሚለው የአሠሪዎች ሮሮ ግን በዚህ ጥናት ፊት አይቆምም። ሰው የሚለቀው ኪራዩን ከፍሎ የሚተርፈው ሲጠፋና ሰውነቱ ሲደክም ነው።

ልጄ ፋብሪካ ልትገባ ነው፤ ምን ምን ልጠይቅላት?

መጀመሪያ የጽሑፍ ውል። የሙከራ ጊዜ ከ60 የሥራ ቀናት መብለጥ የለበትም። የሥራ ሰዓት በቀን 8፣ በሳምንት 48 ነው፤ ትርፍ ሰዓት በቀን ከ4፣ በሳምንት ከ12 ሰዓት አያልፍም። ክፍያው ከጠዋቱ 12 ሰዓት እስከ ምሽቱ 4 ሰዓት አንድ ተኩል፣ ከምሽቱ 4 ሰዓት እስከ ጠዋቱ 12 ሰዓት አንድ ከሦስት ሩብ፣ በሳምንት የዕረፍት ቀን እጥፍ፣ በሕዝብ በዓል ቀን ሁለት ተኩል እጥፍ ነው። ለጡረታ ከደመወዟ 7 በመቶ ሲቆረጥ አሠሪው 11 በመቶ ይጨምርላታል፤ የጡረታ መለያ ቁጥሯን ሳትቀበል እንዳትቀር። የዓመት ፈቃድ በመጀመሪያው ዓመት 16 የሥራ ቀናት ነው።

ቀጥሎ የፈረቃ ነገር። ማታ የሚወጣው ፈረቃ ስንት ሰዓት ያልቃል? ሰርቪስ አለ? እስከ ሰፈር ያደርሳል ወይስ ዋናው አስፋልት ላይ ያራግፋል? ከከተማዋ ወጣ ካለው ከመልካ ጀብዱ በኩል በሌሊት ለምትመለስ ልጅ ይህ ከደመወዙ እኩል ክብደት አለው። ነፍሰ ጡር ሠራተኛን በሌሊት ፈረቃም ሆነ በትርፍ ሰዓት ማሠራት ክልክል ነው። ከወሊድ በፊት 30፣ ከወሊድ በኋላ 90 ቀን ከነደመወዟ ታርፋለች። በእርግዝናዋ ወቅትና ከወለደች እስከ አራት ወር ድረስ ከሥራ ልትሰናበት አይገባም። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ በሥራ ቦታ የሚፈጸም ወሲባዊ ትንኮሳንም በግልጽ ይከለክላል፤ ቅሬታ ለማን እንደሚቀርብ በመጀመሪያው ቀን ትጠይቅ፣ ችግር ከደረሰ በኋላ መጠየቅ ይከብዳልና።

አሥርና ከዚያ በላይ ሠራተኛ ያለበት ድርጅት የሠራተኛ ማኅበር ሊቋቋምበት ይችላል። ማኅበር ካለ ትግባ። ከዘረዘርኋቸው መብቶች አብዛኞቹ በወረቀት ላይ የሚቀሩት የሚጠይቅ ሰው ብቻውን ሲቆም ነው።

ፋብሪካ በመጣ ቁጥር የቤት ኪራይ የሚንረው ለምንድን ነው?

ሠራተኛው በወራት ውስጥ ይመጣል፣ ቤት ግን በወራት ውስጥ አይሠራም። የፋብሪካ ዕቅድ ሲወጣ ስለ ሼድ፣ ስለ መብራት መስመርና ስለ ጉምሩክ ብዙ ይጻፋል፤ ሠራተኛው የት እንደሚያድር ብዙ ጊዜ አይጻፍም። ያ ክፍተት በግለሰብ ቤቶች ጓሮ በሚሠሩ ክፍሎች ይሞላል። ከገጠር የመጡ ሦስት አራት ሴት ልጆች አንዲት ክፍል ተጋርተው፣ ፍራሽ በፈረቃ እየተካኩ ያድራሉ። አከራዩ ይጠቀማል፤ በዚያው ሰፈር በቀን ሥራ የሚኖረው የቆየ ተከራይ ግን በጭማሪው ይወጣል። ልማቱ ለማን ደረሰ ብሎ የሚጠይቅ ሰው ከፋብሪካው አጥር ይልቅ ይህን ሰፈር ቢያይ ይሻላል።

የሲሚንቶ አቧራና የጨርቃ ጨርቅ ብናኝ ጤና ይጎዳል?

አዎ፣ ሁለቱም ይጎዳሉ። የሲሚንቶ አቧራ ዓይንንና የመተንፈሻ አካልን ያስቆጣል፤ ለረጅም ጊዜ ሲተነፈስ ሥር የሰደደ ሳል ያስከትላል። በላብ ከረጠበ ቆዳ ላይ ሲያርፍ ያቃጥላል፤ በድሬ ሙቀት ላብ የማይቀር ነው። የጥጥ ብናኝ የተለየ ምልክት አለው፤ ሠራተኛው ከዕረፍት ቀን ተመልሶ ሥራ በጀመረበት ዕለት ደረቱ ይጨንቀዋል፣ በሳምንቱ ውስጥ ይሻለዋል፣ ከቀጣዩ ዕረፍት በኋላ እንደገና ይመጣል። ይህን የደጋገመ ሰው ብርድ መታኝ ብሎ ማለፍ የለበትም፤ ለሐኪሙ ምን ዓይነት ሥራ እንደሚሠራ በግልጽ ይንገር። በሽመና አዳራሽ ያለው ጩኸት ደግሞ መስማትን ቀስ በቀስ ይወስዳል።

የአፍና አፍንጫ መከለያ፣ ጓንትና የጆሮ መከላከያ የማቅረብ ግዴታ የአሠሪው ነው፤ ከደመወዝ የሚቆረጥ አይደለም። ለታመመ ሠራተኛ ሕጉ እስከ 6 ወር ፈቃድ ይሰጣል፦ የመጀመሪያው ወር በሙሉ ደመወዝ፣ ቀጣዮቹ ሁለት ወራት በግማሽ፣ የመጨረሻዎቹ ሦስት ያለ ክፍያ።

ፋብሪካዎቹ የከተማውን ውኃ ይሻሙብናል?

ድሬዳዋ ዓመቱን ሙሉ የሚፈስ ወንዝ የላትም። የምንጠጣው ከጉድጓድ የሚወጣ የከርሰ ምድር ውኃ ነው፤ በሳቢያን በኩል ያሉት ጉድጓዶች ከዋነኞቹ መካከል ናቸው። ጀበናችን ውስጥ ነጭ ቅርፊት የሚሠራው ከኖራ ድንጋይ ውስጥ የሚመጣ ውኃ ስለሆነ ነው። ከርሰ ምድር ላይ ሁለት ሸክም ይወድቃል፦ አንዱ ከሚተካው በላይ መሳብ፣ ሌላው ከላይ የሚሰርግ ቆሻሻ። ሁለተኛው የፋብሪካ ብቻ አይደለም፤ በጉድጓዶቹ አካባቢ ቤት ሲበዛ የመጸዳጃ ጉድጓድም ይበዛል፣ የእሱም ፍሳሽ ወደ ታች ይወርዳል።

የጎረቤታችን የሐረማያ ሐይቅ ታሪክ ሁላችንም ፊት የተፈጸመ ነው። ሐረርን ውኃ ያጠጣ የነበረው ሐይቅ በደለል፣ በመስኖና በፓምፕ ብዛት በ1990ዎቹ ደረቀ። ማንም ብቻውን አላደረቀውም፤ ሁሉም የየድርሻውን ሳበ። ስለዚህ አዲስ ፋብሪካ ሲመጣ የሚጠየቀው ትክክለኛ ጥያቄ በቀን ስንት ሜትር ኩብ ይስባል፣ ያጣራውን መልሶ ይጠቀማል ወይስ ይለቃል፣ ቆጣሪውንስ ማን ያነብባል የሚለው ነው።

የደቻቱ ጎርፍ ከልማት ጋር ምን አገናኘው?

ሐምሌ 30 ቀን 1998 ዓ.ም. ሌሊት ከ200 በላይ ሰዎች የሞቱበት ጎርፍ የዝናብ ብቻ ሥራ አልነበረም። በደንገጎ በኩል ያለው ተራራ ዛፉ ተመንጥሮ ስለነበር ውኃው በአንድ ጊዜ ወረደ። ከታች ደግሞ ሰው በወንዙ ዳርና በደረቁ አሸዋ ላይ ሰፍሮ ነበር። እዚያ የሰፈረው አደጋውን ሳያውቅ ቀርቶ አይመስለኝም፤ ለገበያና ለሥራ የቀረበ፣ ኪራዩ የሚቻል ቦታ ሌላ ስላላገኘ ነው። ከተማ ሲያድግ መጀመሪያ የሚቀመጥበት የሚያጣው ድኻው ነው፤ ድኻው የሚያገኘው ቦታ ደግሞ ማንም ያልፈለገው ቦታ ነው። ዛሬ በወንዙ ዳር የጎርፍ መከላከያ ግንብ አለ። ግንቡ ለሰፈሩ ጠቃሚ ቢሆንም፣ የኪራይ ቤት እጥረቱ እስካለ ድረስ ሰው ሌላ ሸለቆ ፈልጎ ይሰፍራል።

ፋብሪካ ከበዛ ጫትና ኮንትሮባንድ ይቀራሉ?

በቀላሉ አይቀሩም። ለሚሠሩባቸው ሰዎች ሁለቱም ገቢ ናቸውና። የአወዳይ ጫት ለገበሬው ከማሽላና ከቡና የተሻለ ገንዘብ በየጊዜው ያስገባል፤ በዚያ ላይ ለቃሚው፣ አሳሪው፣ ጫኚው፣ ቸርቻሪዋ ሴት ሁሉ የዕለት ገንዘብ ያገኛሉ። የፋብሪካ ደመወዝ ከዚህ ጋር ተወዳድሮ ነው ሰው የሚስበው። ጉዳቱን ግን መደበቅ አይገባም፤ ከቀትር በኋላ ያለው ሰዓት በበርጫ (ተሰብስቦ ጫት በመቃም) የሚያልፍበት ወጣት የፈረቃ ሥራ ላይ መቆየት ይቸግረዋል፣ የቤት ወጪም ወደዚያ ይፈስሳል። ወጣቱን መውቀስ ብቻውን ምንም አልቀየረም። ከቀትር በኋላ የሚገባበት ቤተ መጻሕፍት፣ ሜዳና የማታ የሙያ ትምህርት ቤት ስንት እንዳለ ቆጥረን ብንነሣ ይሻላል።

ለአካባቢው ልጅ ነው ወይስ ከሌላ ቦታ ለመጣ ሥራ መሰጠት ያለበት?

ይህ በየሻይ ቤቱ ድምፅ ዝቅ ተደርጎ የሚጠየቅ ጥያቄ ነው፤ በግልጽ መመለስ ይገባዋል። በ1999 ዓ.ም. ቆጠራ በአስተዳደሩ 341,834 ሰው፣ ከዚህ ውስጥ በከተማዋ 233,224 ሰው ይኖር ነበር፤ ኦሮሞው፣ ሶማሌው፣ አማራው፣ ጉራጌው፣ ሐረሪው አንድ ላይ። መቶ ሃያ ዓመት ወደ ኋላ ከተሄደ አብዛኛው የድሬ ቤተሰብ ከሌላ ቦታ የመጣ ነው። አዋጅ 1156/2011 በብሔር፣ በፆታ፣ በሃይማኖትና በመሳሰሉት ልዩነት ማድረግን ይከለክላል። ስለዚህ «የእኛ» እና «የእነሱ» ብሎ ሥራ መክፈል ሕገ ወጥ ነው፤ ለዚህች ከተማም አደገኛ ነው።

ቅሬታው ግን ከባዶ አልተነሣም። ሰውን የሚያስቆጣው ማስታወቂያው ሳይለጠፍ ቦታው መሞላቱ፣ ደላላ የመጀመሪያ ወር ደመወዝ መቀበሉ፣ ጥበቃና ጽዳት ለአካባቢው፣ ቢሮ ለመጤው መሆኑ ነው። መድኃኒቱ የታወቀ ነው፦ ክፍት ቦታ በአማርኛ፣ በአፋን ኦሮሞና በሶማልኛ በይፋ ይለጠፍ፤ በየቀበሌው በተመዘገቡ ሥራ ፈላጊዎች ተራ ይሠራ፤ ለቴክኒክ ቦታ የሚያበቃ ሥልጠና ፋብሪካው ከመከፈቱ ከአንድ ዓመት በፊት ይጀመር። ሥልጠናው ከምርቃቱ በኋላ ከመጣ የተሻለው ቦታ ሁሉ ተይዞ ያገኘዋል።

መሬቴ ለልማት ተፈልጓል ተብያለሁ፤ ምን መብት አለኝ?

ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 አርሶ አደሩም አርብቶ አደሩም ከይዞታቸው ያለመነቀል መብት እንዳላቸው፣ አንቀጽ 43 ሰዎች በሚነካቸው ፕሮጀክት ላይ ሐሳባቸው መጠየቅ እንዳለበት፣ አንቀጽ 44 ለተፈናቀሉ ተመጣጣኝ ካሣ እንደሚገባ ይደነግጋሉ። ዝርዝሩ በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ተቀምጦ በኋላ ማሻሻያ ተደርጎበታል። ዋናው ነገር ካሣው ከመልቀቅዎ በፊት መከፈል አለበት፤ በግምቱ ወይም በትዕዛዙ ካልተስማሙ ቅሬታ የሚያቀርቡበት ጊዜ ግን አጭር ነው። ደብዳቤው እጅዎ እንደገባ ቀኑን ይጻፉበት፣ የይግባኙ ቀነ ገደብ መቼ እንደሚያበቃ በዚያው ሳምንት ይጠይቁ።

በቤተሰብ ውስጥም መነጋገር ያስፈልጋል። የመሬት ገንዘብ በአንድ ጊዜ ሲመጣ ብዙ መስሎ ይታያል፤ መሬት ግን በየዓመቱ ያበላ ነበር። ገንዘቡ በባልና በሚስት ስም በጋራ ሒሳብ ይግባ፣ ለአንድ ዓመት ያህል ትልቅ ነገር አይገዛበት፣ ልጆቹ በሚመጣው ፋብሪካ ምን ሙያ እንደሚፈለግ ተጠንቶ ለሥልጠና ይመደብ። የወል ግጦሽ የተወሰደበት ማኅበረሰብም መብት አለው፤ ካርታ የለንም ብሎ ዝም ማለት አይገባም።

ፋብሪካ ሰፈሬን ቢበክል ማን ጋር አቤት እላለሁ?

ለከተማው አስተዳደር የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት። በአዋጅ ቁጥር 300/1995 ማንም ሰው በግሉ የተጎዳ መሆኑን ማስረዳት ሳያስፈልገው አቤቱታ ማቅረብ ይችላል። መሥሪያ ቤቱ በ30 ቀን ውስጥ ካልወሰነ፣ ወይም ውሳኔው ካላረካዎት፣ በ60 ቀን ውስጥ ፍርድ ቤት መሄድ ይቻላል። በአዋጅ ቁጥር 299/1995 ደግሞ ፕሮጀክት ከመጀመሩ በፊት የሚዘጋጀው የአካባቢ ተጽዕኖ ጥናት ለሕዝብ ክፍት መሆን አለበት፤ ሄደው አሳዩኝ ይበሉ።

አቤቱታ የሚጠነክረው በመዝገብ ነው። ጢሱ ወይም ሽታው የመጣበትን ቀንና ሰዓት፣ የነፋሱን አቅጣጫ፣ የታመሙትን ልጆች፣ የደረቀውን አትክልት ይጻፉ፤ ፎቶ ያንሱ። በዕድር በኩል ጎረቤት ሁሉ ፈርሞ ቢያቀርብ የበለጠ ይሰማል። በፋብሪካው ውስጥ የሚሠሩ የሰፈር ልጆች አሉ ብሎ መፍራትም አለ፤ አቤቱታው ማጣሪያ ይተከል የሚል እንጂ ይዘጋ የሚል አለመሆኑን ከመጀመሪያው ቢጻፍ ይህ ፍርሃት ይቀንሳል።

ፋብሪካው በድንገት ቢዘጋ ሠራተኛው ምን ይቀረዋል?

ለውጭ ገበያ ብቻ የሚሠራ ፋብሪካ ዕጣው ሩቅ ሀገር ይወሰናል። አሜሪካ ለአፍሪካ ምርቶች የሰጠችውን ያለ ቀረጥ የመግባት ዕድል (አጎዋ) ከኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. ከጥር 1 ቀን 2022 ጀምሮ ስታነሣ በኢንዱስትሪ ፓርኮች ልብስ ይሰፉ የነበሩ ሠራተኞች ምንም ሳያጠፉ ሥራቸው አደጋ ላይ ወደቀ። ስለዚህ ሲቀጠሩ ምርቱ ለማን እንደሚሸጥ መጠየቅ ብልህነት ነው።

ድርጅት ሲዘጋ የሥራ ስንብት ክፍያ ይከፈላል። ለመጀመሪያው የአገልግሎት ዓመት የ30 ቀን አማካይ ደመወዝ ሲሆን፣ ለእያንዳንዱ ተጨማሪ ዓመት የዚያ አንድ ሦስተኛ ይጨመራል፤ ጠቅላላው ከ12 ወር ደመወዝ አይበልጥም። ድርጅቱ ዕዳ ቢኖርበት የሠራተኛው ክፍያ ከሌሎች ዕዳዎች ቅድሚያ አለው። ይሁን እንጂ ይህን ክፍያ የመጠየቅ መብት ውሉ ከተቋረጠ በ6 ወር ውስጥ ካልተሠራበት በይርጋ (ጊዜው በማለፉ) ይታገዳል፤ ወደ ሥራ መልሱኝ የሚል ጥያቄ ደግሞ በ3 ወር። «ይከፍሉናል፣ ጠብቁ ብለውናል» እያሉ ወራት ያሳለፉ ብዙዎች መብታቸውን ያጡት በዚህ ነው። ውልዎን፣ የደመወዝ ወረቀቶችዎን፣ መታወቂያዎንና የጡረታ ቁጥርዎን ቅጂ በቤትዎ ያስቀምጡ፤ በሩ በተዘጋ በመጀመሪያው ሳምንት ከባልደረቦችዎ ጋር ሆነው የሠራተኛ ጉዳይ ለሚመለከተው የከተማው ቢሮ በጽሑፍ ያመልክቱ፣ ማመልከቻው የተቀበሉበትን ማኅተም ሳይዙ አይውጡ።